የ«ብሬቭ ሃርት» ጸሐፊ ራንዳል ዋላስ፦ የጦርነት ታሪክ ስንጽፍ ማንን እናስቀራለን?

ባለስክሪፕቱ፦
ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። ስለ ዳይሬክተርና ስለ ተዋናይ ስናወራ እንውላለን፤ ስለ ጸሐፊ የተከፈተ ክር ግን ፈልጌ አጣሁ። ስለዚህ እኔው ልክፈተው።

ራንዳል ዋላስን በስም ባታውቁት በሥራው ታውቁታላችሁ። «ብሬቭ ሃርት»ን (1995 እ.ኤ.አ.) የጻፈው እሱ ነው። «ፐርል ሃርበር»ንም (2001) እሱ ነው የጻፈው። «ዊ ዌር ሶልጀርስ»ን (2002) ደግሞ ጽፎታል፣ ዳይሬክት አድርጎታል፣ ከፕሮዲውሰሮቹም አንዱ ነበር። ቴነሲ የተወለደ፣ ዱክ ዩኒቨርሲቲ ሃይማኖት ያጠና ሰው ነው፤ ከዚያ ሆሊውድ ገብቶ ለቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ሲጽፍ ቆየ። ስኮትላንድን ሊጎበኝ ሄዶ የኤደንብራ ግንብ በር ላይ እንግሊዝን የተዋጋውን የስኮትላንድ ጀግና የዊልያም ዋላስን ሐውልት ያያል። የራሱን የቤተሰብ ስም የያዘ ጀግና፣ እሱ ግን ታሪኩን አያውቀውም። ፊልሙ የተጠነሰሰው እዚያ ነው።

ታሪክ ያጠኑ ሰዎች ይሄን ሰው ሲያነሱባቸው ፊታቸው ይጠቁራል። ተመልካቹ ደግሞ ዛሬም ድረስ ያለቅሳል። «ብሬቭ ሃርት» ለ10 ኦስካር ታጭቶ 5 ወሰደ፤ የዋላስ ጽሑፍም ከታጩት አንዱ ነበር፣ እሱ ግን ባዶ እጁን ተመለሰ። እኔም አሁን የጦርነት ታሪክ እየጻፍኩ ነው (የቱ ጦርነት እንደሆነ ለጊዜው ይቆየኝ፣ ሐሳብ የሚሰርቅ ብዙ ነው)። ታሪክ ስንጽፍ እስከ ምን ድረስ መፍጠር እንችላለን ትላላችሁ?

የታሪክ_መምህር፦
ፊት መጥቆር ብቻ ቢሆንማ ደግ ነበር። የስተርሊንግ ድልድይ ውጊያ (1297 እ.ኤ.አ.) ስሙ ላይ ድልድይ አለ፤ ፊልሙ ላይ ድልድይ የለም! የእንግሊዝ ፈረሰኛ በጠባብ የእንጨት ድልድይ ላይ ሁለት ሁለት እየሆነ ሲሻገር፣ ስኮቶቹ ከፊሉ እስኪሻገር ድረስ ጠብቀው ነው ወርደው የቆረጡት። ድሉን ያመጣው ያ ትዕግሥት ነው። ጸሐፊው ዋላስና የፊልሙ ዳይሬክተርና ዋና ተዋናይ ሜል ጊብሰን ይሄን ሁሉ ጥለው ሜዳ ላይ ሹል እንጨት አስያዟቸው።

ፊልሙ ላይ የእንግሊዝ አልጋ ወራሽ ሚስት የሆነችው ልዕልት ኢዛቤላ የፎልከርክ ውጊያ በተደረገበት በ1298 የሦስት ዓመት ገደማ ሕፃን ነበረች። ተድራ እንግሊዝ የመጣችው በ1308 ነው፤ ዊልያም ዋላስ የተገደለው ግን በ1305። ፊልሙ እሷን ከእሱ አስረገዛት። ንጉሥ ኤድዋርድ ቀዳማዊ የሞተው ከዋላስ ሁለት ዓመት ያህል ቆይቶ ነው፤ ፊልሙ ላይ አብረው ሲያጣጥሩ እናያለን። ያ የሚለብሱት ጉርድ በዚያ ዘመን የለም። ሰማያዊው የፊት ቀለም ደግሞ የሺህ ዓመት ያህል ያለፈበት ነው። ሙሽራን በመጀመሪያው ሌሊት ባላባቱ ይወስዳል የሚለውም እዚያ አገር በሕግ ስለመኖሩ ማስረጃ የለም። እኔ ተማሪዎቼ ይሄን ፊልም አይተው ፈተና ላይ ሲጽፉልኝ ምን ልበላቸው?

«ፐርል ሃርበር» ላይ አልገባም። የተዋጊ አውሮፕላን አብራሪዎችን አንስቶ ቶኪዮን በሚደበድበው ቦምብ ጣይ ላይ ያስቀመጠ ጸሐፊ ነው።

ዝምታዬ፦
መምህር ስንቴ ያለቀስኩበትን ፊልም አፈረስክብኝ፣ ኪኪኪ። በልጅነታችን ቪዲዮ ቤት ውስጥ፣ ወለል ላይ ተጣበን፣ «ፍሪደም!» ሲል የጮህነውን ማን ይመልስልን?

ፀሐይ_ከኤደንብራ፦
እኔ የምኖረው እዚሁ ከተማ ስለሆነ ትንሽ ልጨምር። ባለስክሪፕቱ ያነሳው ሐውልት ግንቡ መግቢያ ላይ ነው፤ በአንድ ወገን ሮበርት ብሩስ፣ በሌላው ወገን ዋላስ ቆመዋል። ጎብኚዎች በዋላስ በኩል ፎቶ ይነሳሉ፣ ብሩስ ንጉሥ ሆኖ ሳለ ዞር ብሎ የሚያየው የለም። ፊልሙ ያመጣው ነው። ይልቅ የሚገርመው፣ «ጀግና ልብ» የሚለው ቅጽል በአፈ ታሪክ የብሩስ መሆኑ ነው። ስሙንም ወስደውበታል።

ስተርሊንግ ያለው የዋላስ መታሰቢያ ግንብ ስር ደግሞ ለብዙ ዓመታት የቆመ ሌላ ሐውልት ነበር። ፊቱ የሜል ጊብሰን ነው። ጋሻው ላይ «ብሬቭ ሃርት»፣ መቆሚያው ላይ «ፍሪደም» ተጽፏል። የአካባቢው ሰው አናደደውና ፊቱን እየመቱ አበላሹት፤ በመጨረሻ ማታ ማታ በብረት አጥር ውስጥ ይቆለፍበት ጀመር። ነጻነት የሚል መቆሚያ ላይ የቆመ ሰው በእስር ቤት! በ2008 አነሱት።

ድልድዩን በተመለከተ እዚህ የሚወራ ቀልድ አለ። ቀረጻ ላይ አንዱ ስኮትላንዳዊ ድልድዩ የት ሄደ ብሎ ቢጠይቅ፣ «ድልድዩ አስቸገረን» አሉት። «አይ፣ እንግሊዞችም ያሉት ይህንኑ ነበር» አላቸው ይባላል።

ግን መምህር፣ እኔን የሚያበሳጨኝ ጉርዱም ቀለሙም አይደለም። አንድሪው ሞሬ የሚባል ሰው ነበር። ስተርሊንግ ላይ ከዋላስ ጋር እኩል ጦሩን የመራ፣ በሰሜን በኩል ብቻውን አመጽ አስነስቶ ግንብ ያስለቀቀ ሰው። በዚያ ውጊያ ቆስሎ ብዙም ሳይቆይ ሞተ ነው የሚባለው። ፊልሙ ላይ ስሙ አንዴ እንኳ አይጠራም። ድልድይ ቢቀር ድልድይ ነው፣ አይሰማውም። ሰው ሲቀር ግን ሌላ ነገር ነው።

ባለስክሪፕቱ፦
ፀሐይ፣ ይሄ አንድሪው ሞሬ የሚሉትን ሰው ዛሬ ገና መስማቴ ነው። ፊልሙን ስንት ጊዜ አይቼዋለሁ!

ጥያቄዬን ልቀይረው መሰለኝ። «ስንት ነገር ተሳሳተ» ብለን ስንጨቃጨቅ የምንውለው ቀላሉ ላይ ነው፤ ልብስና ዓመተ ምሕረት ማንም ኢንተርኔት ገብቶ ያርመዋል። የተቀነሰ ሰው ግን አይታረምም፣ ምክንያቱም መኖሩን የሚያውቅ የለም። የጦርነት ፊልም ጸሐፊን መለካት ያለብን ባስቀረው ሰው ነው ብል ምን ትላላችሁ?

ቆጥቋጭ_ፕሮዲውሰር፦
ወጣቶች ረጋ በሉ። ጽሑፍ እንጂ ኢንሳይክሎፒዲያ አይደለም የሚጻፈው። ሁለት ጀግና ካስገባህ ሁለት ቤተሰብ፣ ሁለት ፍቅር፣ ሁለት ሞት ይጠይቅሃል። የተመልካች ልብ ለሁለት ይከፈላል። የፕሮዲውሰር ኪስም እንደዚያው።

«ብሬቭ ሃርት» ከአየርላንድ ጦር ተጠባባቂ ኃይል 1,600 ገደማ ሰው ለአጃቢነት ያገኘ ፊልም ነው። አብዛኛው ቀረጻም የተካሄደው እዚያው አየርላንድ ነው። የመንግሥት ወታደር፣ የሠለጠነ፣ ሰልፍ የሚያውቅ። እኛ አገር አንድ የጦርነት ሲን ስትቀርጽ ከሰፈር የሰበሰብከው ልጅ ጋሻውን ገልብጦ ይይዛል፣ ከኋላ ያለው ስልኩን ያያል፣ ምሳ ሲደርስ ግማሹ የለም። የዚህ ዓይነት ችግር ውስጥ ሆነህ «ማንን አስቀረሁ» የሚል ጸጸት ቅንጦት ነው።

ዋላስንም አንበድለው። «ፐርል ሃርበር» ላይ ዶሪ ሚለርን ያስገባው ማን ነው? «ዌስት ቨርጂኒያ» በሚባለው መርከብ ላይ በማእድ ቤት ክፍል የሚያገለግል ጥቁር ባሕርተኛ፣ መትረየስ ተኩስ ሳያሠለጥኑት ተነስቶ የተኮሰ። የባሕር ኃይል መስቀል የተሸለመ የመጀመሪያው ጥቁር አሜሪካዊ ነው። ስንት ሰው ስሙን ያወቀው ከዚያ ፊልም ነው።

የታሪክ_መምህር፦
ከሦስት ሰዓት ፊልም ውስጥ ስንት ደቂቃ ሰጠው? የቀረውን ለሁለት ጓደኛሞችና ለአንዲት ነርስ ፍቅር።

የድሮ_ቴአትረኛ፦
እንደምን አመሻችሁ ልጆቼ። ዘግይቼ ደረስኩ፣ ግን ነገሩ የቆየ ነገር ነውና አያልፍበትም።

ዋላስ ታሪኩን ከየት አመጣው ብላችሁ አልጠየቃችሁም። ከአዝማሪ ነው! ዓይነ ስውሩ ሃሪ የሚባል የአሥራ አምስተኛው ክፍለ ዘመን ሰው ነበር፤ ዊልያም ዋላስ ከሞተ 170 ዓመት ያህል ካለፈ በኋላ ነው በግጥም የደረሰው። ጀግናውን የሚያገዝፍ፣ ያልዋለበት ያዋለ ግጥም ነው። ጸሐፊያችን ዜና መዋዕሉን ትቶ ይሄንን ግጥም ያዘ። ስለዚህ መምህር ሆይ፣ ጥፋቱን በታሪክ ሚዛን ሳይሆን በአዝማሪ ሚዛን ብትለኩት ይሻላል።

እኛም ይሄንኑ እንወዳለን። ስለ መይሳው ካሣ የተባለውን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፦

መቅደላ አፋፉ ላይ ጩኸት በረከተ፤
የሴቱን አናውቅም ወንድ አንድ ሰው ሞተ።

ይሄን ስንሰማ የማይነዝረው ማን አለ? በመድረክ ላይ ሲባል ሰው ከወንበሩ ይነሳ ነበር፣ አይቻለሁ። ደግሞ እንዳትረሱ፣ የኛ መድረክ ራሱ ከጦርነት ጋር የተወለደ ነው። ሀገር ፍቅር በ1927 ዓ.ም. የተቋቋመው ጣሊያን ሊገባ በር ላይ ቆሞ ሳለ ሕዝቡን ለመቀስቀስ ነው። ለቅስቀሳ የሚጻፍ ነገር አንድ ጀግና ይፈልጋል።

የታሪክ_መምህር፦
ጋሼ፣ እርስዎ ከመጡማ ክሩ ከበደ። ግን ይቅርታ ያድርጉልኝና ያንኑ ግጥም ልያዝብዎ።

ንጉሡ ራሳቸውን የሠዉት ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. ነው። ከዚያ ሦስት ቀን ቀደም ብሎ መቅደላ ግርጌ አሮጌ ሜዳ ላይ በአንድ ከሰዓት የወደቀው የቴዎድሮስ ወታደር 700 ገደማ ይሆናል። ፊታውራሪ ገብርዬ የወደቀው እዚያ ነው። ከእንግሊዝ ወገን የሞተው በጣት የሚቆጠር ነው። «ወንድ አንድ ሰው ሞተ» ሲባል እነዚያ 700 ምን ይባሉ? ገብርዬስ? ለለቅሶ ግጥም አይፈረድበትም፣ ለንጉሡ የወጣ ሙሾ ነው። የፊልም ጽሑፍ ግን ሙሾ አይደለም። ሁለት ሰዓት አለው። ከሁለት ሰዓት ውስጥ ለአሮጌ ሜዳ አሥር ደቂቃ ያልሰጠ ጸሐፊ ወዶ ነው ያስቀረው።

ዝምታዬ፦
መምህር ዛሬ ተሹሟል። ክሩን ሴቭ አድርጌዋለሁ።

ሰላም_ኤዲተር፦
እኔ «ዊ ዌር ሶልጀርስ» ላይ መናገር እፈልጋለሁ፣ ሁላችሁም ዘላችሁት ስላለፋችሁ። የዋላስን ጥበብም ጥፋትም አንድ ላይ የምታገኙት እዚያ ነው።

መጀመሪያ ጥበቡን። ጊዜው 1965 እ.ኤ.አ. ነው። ወታደሮቹ ቬትናም ሄደዋል፣ ሚስቶቻቸው ጆርጂያ ፎርት ቤኒንግ አካባቢ ቀርተዋል። ጦሩ ገና የሞት መርዶ የሚነግር ቡድን አላደራጀም፤ ቴሌግራሙን ለታክሲ ሹፌር ይሰጡታል። ይሄ ፈጠራ አይደለም፣ በእርግጥ የሆነ ነው። ፊልሙ ላይ ቢጫ ታክሲ ወደ ሰፈሩ ይገባል። የጦሩ አዛዥ የሌተና ኮሎኔል ሃል ሙር ሚስት ጁሊያ ቤት በር ላይ ይቆማል። ሴትየዋ በሯን እያየች ትቆያለች፣ እግሯ አልሄድ ይላታል። ስትከፍተው ሹፌሩ የሌላ ሰው አድራሻ ነው የጠፋበት። ሊጠይቃት ነው የመጣው! ትጮህበታለች፤ ከዚያ ግን ተከትላው ወጥታ ቴሌግራሙን ትቀበለዋለች፣ ለሌሎቹም የሚመጣውን እኔ ጋ አምጡት ትላለች። ከዚያ በኋላ ቤት ለቤት የምትዞረው እሷ ናት።

እንደ ኤዲተር ስንት ጊዜ ደጋግሜ አይቼዋለሁ። ሙዚቃው አይጮህም። ሲኑ የያዘው የበር መስታወት፣ አንድ ታክሲና አንድ ወረቀት ነው። በዚያ ፊልም ውስጥ ካሉት ሄሊኮፕተሮች ሁሉ ይበልጥ ያስፈራል። እውነተኛዋ ጁሊያ ሙር ቀብር እየተገኘች፣ ለበላይ አለቆች አቤት እያለች ያንን አሠራር ካስቀየሩት ሰዎች አንዷ ናት፤ ከዚያ ወዲህ መርዶውን መኮንንና ቄስ ይዘው ይሄዳሉ።

አሁን ጥፋቱን። ፊልሙ የሚተርከው የኢያ ድራንግን ውጊያ ነው፣ «ኤክስ ሬይ» የተባለውን የሄሊኮፕተር ማረፊያ። ኖቬምበር 14 ተጀምሮ ኖቬምበር 16 አበቃ፤ 79 አሜሪካውያን ሞቱ። መጨረሻ ላይ ሙር ጦሩን እየመራ ወደ ጠላት ማዘዣ ጣቢያ ይገሰግሳል፣ ሄሊኮፕተር መጥቶ ጠላትን ያጭዳል፣ ድል። ያ ግስጋሴ አልነበረም። ከፈጠራው ይልቅ የሚከፋው ግን በማግስቱ የሆነው ነው። ኖቬምበር 17 ሌላው ሻለቃ በእግሩ «አልባኒ» ወደተባለው ሌላ ማረፊያ ሲሄድ ረጅም ሰልፍ ሆኖ አድፍጦ የጠበቀው ጠላት ውስጥ ገባ። 155 ሰው ሞተ። ከኤክስ ሬይ እጥፍ ያህል ማለት ነው። ሙርና ጋዜጠኛው ጆ ጋሎዌይ የጻፉት መጽሐፍ አልባኒን በሰፊው ተርኮታል። ፊልሙ ላይ የለም።

ባለስክሪፕቱ፦
ወይ ጉድ። ማለትም መጋረጃውን አንድ ቀን ቀደም ብሎ ዘግቶታል።

ሰላም_ኤዲተር፦
አዎ። ዋናው ነገር እሱ ነው። ሁላችን ጅማሬ ላይ እንጨነቃለን፤ ጦርነትን ድል ወይም ሽንፈት የሚያስመስለው የመጨረሻው ካት የወደቀበት ቀን ነው። በ16 ብትቆርጠው ድል ነው። በ17 ብትቆርጠው ሌላ ፊልም ነው። አንዲት ፍሬም ሳትዋሽ።

ሌላም አለ። የመጽሐፉ ሽፋን ላይ ያለው ወታደር፣ ሳንጃ ሰክቶ ወደፊት የሚራመደው፣ ሪክ ሬስኮርላ ይባላል። ኤክስ ሬይም አልባኒም የነበረ ሰው ነው። ኋላ በሴፕቴምበር 11, 2001 ኒውዮርክ መንትያ ሕንፃዎች ውስጥ የአንድ ድርጅት የጥበቃ ኃላፊ ሆኖ ሠራተኞቹን አስወጥቶ እሱ እዚያው ቀረ። ፊልሙ የወጣው ከዚያ በጥቂት ወራት ውስጥ ነው። የሽፋኑ ሰው ፊልሙ ውስጥ ገጸ ባሕርይ ሆኖ አልተሣለም።

ቆጥቋጭ_ፕሮዲውሰር፦
ሰላምዬ በአነጋገርሽ ልቤን ነክተሽዋል፣ ግን ፍርድ ስጪ። አልባኒ ላይ የነበረው የሙር ሻለቃ አይደለም፤ ሌላ አዛዥ ነው። ሙር ዋና ገጸ ባሕርይ ከሆነ ካሜራው ከሙር ጋር ነው የሚሄደው። ሙር ደግሞ ያን ቀን ከዚያ ወጥቷል። ጸሐፊው ያን ቀን ላሳይ ቢል ፊልሙ በሁለት ሰዓቱ ላይ አዲስ ሰዎች ሊያስተዋውቅ ነው። የትኛው ፕሮዲውሰር ነው የሚፈቅድለት? ይቅርታ፣ ፕሮዲውሰሩ ራሱ ነው ለካ። ኪኪኪ።

ይሄም ቢሆን ግን መጽሐፉን ያገኘው፣ መብቱን ተሯሩጦ የያዘው እሱ ነው። ሙር በመጽሐፉ መግቢያ ላይ ሆሊውድ የቬትናምን ወታደር ታሪክ ሁሌም እንዳበላሸው ተማሮ ጽፎ ነበር። ያንን አንብቦ ነው ዋላስ የተነሳው። ሙርና ጋሎዌይም ከፊልሙ ጎን ቆመዋል። ባለታሪኮቹ ያልከፋቸውን እኛ ምን አገባን?

የታሪክ_መምህር፦
ባለታሪኮቹ ያልከው የኤክስ ሬይ ባለታሪኮችን ነው። የአልባኒዎቹን ማን ጠየቃቸው?

ፀሐይ_ከኤደንብራ፦
ስለ ጠላት ማንም አላነሳም። እዚያ ፊልም ላይ ዋላስ አንድ ደግ ነገር አድርጓል፤ የሰሜን ቬትናሙን አዛዥ ንጉየን ሁ አንን ሰው አድርጎ አሳይቶታል። ጉድጓድ ውስጥ ካርታ ላይ ያስባል፣ ያዝናል። ለሚስቱ የሚጽፍ የጠላት ወታደርም አለ። ለአሜሪካ የጦርነት ፊልም ቀላል አይደለም። ግን አዛዡን የተጫወተው ቬትናማዊ ተዋናይ ዶን ዱኦንግ አገሩ ውስጥ እንደ ከሃዲ ተቆጠረ፣ ፓስፖርቱን ነጠቁት፣ በ2003 ወደ አሜሪካ ተሰደደ። ጸሐፊው ወረቀት ላይ ያሰፈረውን ተዋናዩ በሕይወቱ ከፈለበት።

የድሮ_ቴአትረኛ፦
የታክሲው ነገር ልቤን ወሰደው። ሰላም ልጄ፣ እንዴት አድርገሽ ነገርሽን!

ይሄን አይቶ አንዱ ወጣት ደራሲያችን የኛን ሴት ደጅ ላይ አቁሞ ታክሲ ፈንታ በቅሎ እንዳያመጣ ግን እፈራለሁ። የኛ መርዶ ሌላ ነው። ሰው ገና ከመኝታው ሳይነሳ፣ ጎህ ሲቀድ፣ ሽማግሌና ጎረቤት ተሰብስቦ ነው የሚገባው። ለአንድ ሰው በወረቀት አይሰጥም። ከዚህም ሌላ፣ በዓድዋ ዘመን ሚስትየው ቤት አልቀረችም! ከዘማቹ ጋር ናት፣ እየፈጨች፣ እየጋገረች፣ ውሃ እየቀዳች። የሞተውን ባሏን ሬሳ የምታገኘው እዚያው ሰፈር ውስጥ ነው። «ጦር ሜዳ» እና «ቤት» እያላችሁ ሁለት ቦታ የምትቆራርጡት የአሜሪካ ነው። የኛ ጽሑፍ አንድ ካምፕ ውስጥ ሁሉን ይዟል፤ ንጉሡን፣ ወጥ ቤቷን፣ ቄሱን፣ ልጁን።

ልጁን ካነሳሁ አይቀር፦ ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ዓድዋ ላይ ልጅ ሆነው ነበሩ። ያዩትን በሕይወት ታሪካቸው ጽፈውታል፣ ፈልጋችሁ አንብቡት። እኚሁ ሰው ናቸው ኋላ የመጀመሪያውን ዘመናዊ የአማርኛ ቴአትር የጻፉልን። ዓድዋን በዓይኑ ያየ ሰው ብዕር ሲያነሳ ስለ ጦርነት አልጻፈም። የአውሬዎች ኮመዲያ ነው የጻፈው! እኔ ዕድሜዬን ሙሉ ይሄ ሲገርመኝ ይኖራል።

ባለስክሪፕቱ፦
ጋሼ እግዜር ይስጥልኝ። እንግዲህ ምሥጢሬን አወጣሁት፤ የምጽፈው ዓድዋን ራሱን አይደለም፣ መቀሌን ነው። እንዳ ኢየሱስ ምሽግ፣ ጥር 1888 ዓ.ም.፣ እቴጌ ጣይቱ ምንጩን ያስያዙበት። ጣሊያኖቹ ምሽግ ውስጥ በውሃ ጥም፣ የኛ ሰው ምንጩ ላይ። የምሽጉ አዛዥ ማዦር ጋሊያኖ ነው። ምኒልክ በሰላም ለቀው እንዲወጡ ፈቀዱላቸው። ያው ጋሊያኖ ዓድዋ ላይ ተመልሶ መጥቶ ሞተ። ይሄን ስክሪፕት ጸሐፊ ቢፈጥረው «አበዛኸው» ይባል ነበር።

እስካሁን መጨረሻዬ ምሽጉ ሲለቀቅ ነበር። ሰላም የአልባኒን ነገር ካነሳች ወዲህ ግን መጨረሻዬ ይበላኝ ጀመር።

የታሪክ_መምህር፦
ጥሩ መርጠሃል። እንግዲያው እኔም አንድ ጥያቄ ልጣል፣ ማንም እንዳይቆጣ። ስለዚያ ዘመቻ የሚሠራ ሁሉ የካቲት 23 ማታ ላይ መጋረጃውን ይዘጋል፣ ሽለላና ቀረርቶ፣ ባንዲራ። ከጣሊያን ጎን ተሰልፈው የተማረኩት የኤርትራ አስካሪዎች (የቅኝ ገዥው ቅጥር ወታደሮች) ቀኝ እጃቸውና ግራ እግራቸው ተቆርጧል፤ ታሪክ ጸሐፊዎች 800 ገደማ ይሏቸዋል። ያንን የሚጽፍ አላየሁም። የኛ አልባኒ ይሄ አይደለም?

ዝምታዬ፦
ኧረ መምህር! ድላችንን ተውልን። የዓለም ጥቁር ሕዝብ ቀና ያለበትን ቀን በዚህ ልታጎድፈው ነው?

የታሪክ_መምህር፦
ድሉ አይጎድፍም። ድል መሆኑን የሚጠራጠር እኔ አይደለሁም፣ በየዓመቱ አስተምረዋለሁ። ግን ያ የተቆረጠው ሰው ደግሞ ትግርኛ ተናጋሪ ነው፣ የዚያው የመረብ ማዶ ሰው፣ ዘመዱ በዚህ በኩል ተሰልፎ ይሆናል። ለድራማ ጸሐፊ ከዚህ በላይ ምን ይምጣለት?

አንዱ_ተቆርቋሪ፦
ይሄ ክር ስለ ፊልም መስሎኝ ነበር። የአባቶቻችንን ታሪክ ማጣጣል የፈለገ ሌላ ቦታ ይሂድ።

የመድረኩ_አወያይ፦
ሁላችንም ረጋ እንበል። ስድብ ያለበትን አንድ መልስ አንስቻለሁ። በስክሪፕቱ ላይ ቀጥሉ።

የድሮ_ቴአትረኛ፦
እኔ ሰባ ዘልያለሁ፣ ከእኔ በላይ የዓድዋን ቀረርቶ የወደደ እዚህ የለም። መምህሩ ያለው ግን መድረክ ላይ መቆም ይችላል። ቅጣቱን ማሳየት ድሉን መካድ አይደለም። ይልቅ ሲጻፍ ከማን ዓይን እንደሚታይ ነው ነገሩ። በንጉሡ ዓይን ብታሳየው ፍርድ ነው፤ ከሃዲ ተቀጣ። በተቀጪው ዓይን ብታሳየው መከራ ነው። ሰይፉን በያዘው ሰው ዓይን ብታሳየውስ? እሱን የጻፈ ሰው አላየሁም።

ባለስክሪፕቱ፦
ጋሼ እሱ የመጨረሻው ጥያቄ ሌሊቱን አስቀመጠኝ።

ላደርገው ያሰብኩትን ልንገራችሁና ተቹኝ። ምሽጉ ውስጥ ከጋሊያኖ ጋር ያለ አንድ አስካሪ አለኝ፤ እስካሁን በሁለት ሲን የሚያልፍ፣ ውሃ ሲሰርቅ የሚታይ ልጅ ነበር። እሱን አሳድገዋለሁ። ምሽጉ ሲለቀቅ ከጣሊያኖቹ ጋር ይወጣል፣ ምኒልክ ከለቀቋቸው አንዱ ነው። ጋሊያኖ ወደ ዓድዋ ሲመለስ እሱም ይመለሳል። ፊልሙ የሚያልቀው የካቲት 23 ሳይሆን ከዚያ ወዲህ ነው። ዓድዋን አንድ ጥይት ሳላሳይ በድምፅ ብቻ አልፈዋለሁ። እቴጌይቱ አሉ፣ ምንጩ አለ፣ ድሉ አለ። ልጁም አለ።

ሰላም_ኤዲተር፦
ይሄ ይሠራል። አንድ ነገር ብቻ፦ ልጁን «ምስኪን» አታድርገው። ለምን ከጣሊያን ጋር እንደተሰለፈ መጀመሪያ ላይ አሳየን፤ ደመወዙን፣ ቤቱን፣ የክፉ ቀኑን ረሃብ። ተመልካቹ ሊጠላው እየቻለ እንዲያዝንለት እንጂ፣ ገና ሲያየው እንዲያለቅስለት አታድርግ። ዋላስ እዚህ ላይ ነው የሚወድቀው፤ ገጸ ባሕርዮቹ ገና ሲገቡ ማንን እንደምንወድ ይነግሩናል።

ደግሞ የውሃውን ሲን በቃለ ተውኔት አትሙላው። ከንፈር የደረቀ ሰው ብዙ አያወራም።

ቆጥቋጭ_ፕሮዲውሰር፦
ዓድዋን በድምፅ ብቻ ካሳለፍከው አሁን ልንግባባ ነው። በቀጥታ ልጠይቅህ፤ ስክሪፕቱ ላይ ፈረስ ስንት ነው ያለህ?

ባለስክሪፕቱ፦
አሥራ ሁለት። ግን ከሩቅ ነው የሚታዩት።

ቆጥቋጭ_ፕሮዲውሰር፦
አራት አድርገውና አቧራ ጨምርበት። ምሽጉንስ? ሙሉ ግንብ አልሠራልህም። አንድ ግድግዳና አንድ በር፣ ውስጡን ስቱዲዮ። የመጀመሪያውን 30 ገጽ በውስጥ መስመር ላክልኝ፣ ቅዳሜ አነበዋለሁ። መምህርንም ገልብጥለት፣ ኋላ ቀረጻ ላይ መጥቶ ጉርዱ የየት ነው እንዳይለኝ።

የታሪክ_መምህር፦
እመጣለሁ እንጂ። ምንጩ ከምሽጉ በየት በኩል እንደነበርም ጠይቅ፤ ድልድዩ ስተርሊንግ ላይ ይበቃናል።